የትሬንት ጠጪ

ለሰልቶርፕ ከተማ ሕዝብ በሙሉ፣ ከወንዙ ወዲህም ወዲያም ለምትኖሩ፣ ዘንድሮ ለተወለዳችሁም ዘንድሮ ለመሞት ላሰባችሁም፦ የወንዙ ዋንጫ እጀታ ተጣብቋል። አምና በበዓሉ ማግስት ሲታጠብ የተገነጠለው ይህ እጀታ፣ ኮሚቴው ደጋግሞ ተሰብስቦ፣ መሃል ላይም ተኮራርፎ ከመከረበት በኋላ፣ በሱፐር ግሉ ወደ ቀድሞ ክብሩ ተመልሷል። በሥራው ሂደት የሊቀመንበሯ አውራ ጣት ለግማሽ ቀን ያህል ከዋንጫው ጋር ቆይቷል። ጣቱ ደህና ነው።

ይህን ማስታወቂያ ጽፌ የቤተ ክርስቲያኑ በር ላይ የለጠፍኩት እኔ ነኝ። የበዓሉ ኮሚቴ ጸሐፊ ነኝ፤ በበዓሉ ቀን የጀልባዋን መሪ የምይዘውም እኔው ነኝ። ሁለቱንም ሹመት ያገኘሁት ስብሰባ ላይ ሽንት ቤቱ የት እንደሆነ ለመጠየቅ እጄን በማውጣቴ ነው።

በዓሉ ቀልድ ይመስላል፣ ግን አይደለም። ወንዙ ዳር ያለው ታችኛው መስክ የከተማው ሆኖ አያውቅም፤ ከጥንት ጀምሮ የባለ ርስቱ ነው። ነገር ግን በጋው ሲገባ፣ በመጀመሪያው ቅዳሜ፣ ከከተማው ሰው አንዱ ጀልባ ላይ ሆኖ፣ እግሩ መሬት ሳይረግጥ፣ የባለ ርስቱ ምስክር እያየው፣ የእኩለ ቀኑ ደወል ተደውሎ ሳያበቃ አንድ ዋንጫ የወንዝ ውሃ ከጠጣ መስኩ ለዚያ ዓመት የሕዝብ ነው። ካልጠጣ ባለ ርስቱ አጥሮ የፈለገውን ይሠራበታል። እኛን ከወንዙ የሚያገናኘን ሌላ ደጃፍ የለንም። ልጆች ዋና የሚማሩት፣ ጎረምሶች የሚሳሳሙት፣ አሮጊቶች ውሻቸውን ይዘው ጎረምሶቹን የሚያዩት እዚያው መስክ ላይ ነው።

ቅድመ አያቶቻችን ይህን ውል የገቡት ትሬንት ይጠጣ በነበረበት ዘመን ነው። ትሬንት ደግሞ ግራ የገባው ወንዝ ነው። ከስታፎርድሺር ኮረብታ ተነስቶ በደህና ወደ ደቡብ ሲወርድ ይቆይና፣ መሃል አገር ሲደርስ ሐሳቡን ለውጦ ወደ ሰሜን ይታጠፋል። የለንደን ሰው «ከትሬንት ወዲያ ሰሜን ነው» ብሎ አፍንጫውን ይይዛል፤ የዮርክሻየር ሰው «ከትሬንት ወዲያ ደቡብ ነው» ብሎ አፍንጫውን ይይዛል። እኛ መሃል ቁጭ ብለን የሁሉንም እጣቢ እንቀበላለን። የስቶክ ሸክላ ሠሪዎች ጭቃቸውን ላኩልን፤ የበርተን ጠማቂዎች አተላቸውን ላኩልን፤ በርሚንግሃም ደግሞ የራሱ ወንዝ ስላልበቃው መጸዳጃ ቤቱን በገባሩ በኩል ላከልን። ዓሣው ሁሉ ለብዙ ዘመን ጠፋ። በኋላ ፋብሪካዎቹ ተራ በተራ ሲዘጉ ሰው ሥራ ፈታ፣ ዓሣ ሥራ ጀመረ።

ታዲያ በዚያ ሁሉ ዘመን የወንዝ ሹሞቻችን፣ በየዓመቱ እንዲጠጡልን የምንሾማቸው ሰዎች፣ እንዴት ጠጡ? አልጠጡም። ጀልባዋ ድልድዩ ሥር ስትገባ ጨለም ይላል። ዋንጫው በአንድ በኩል ወንዙ ውስጥ ይጠልቃል፤ በሌላ በኩል ከኮሚቴው ሊቀመንበር ፔርሙስ የቧንቧ ውሃ ይቀዳበታል። በዚያች ቅጽበት ድልድዩ ላይ የቆመው ሕዝብ መዝሙር እየዘመረ ወደ ሰማይ ያያል፤ የባለ ርስቱ ምስክር ዓይኑን ጨፍኖ ይጸልያል። የቀድሞው ምስክር በጣም ጸሎተኛ ሰው ነበሩ፤ አንዳንዴ ጀልባዋ ቆማም አይነቁም። ይህን የማያውቅ ሰልቶርፕ ውስጥ የለም። የሚናገረውም የለም። አንድ ሰው በአንደበቱ ካወጣው ውሉ ይፈርሳላ!

በዘንድሮው የጸደይ ወር ግን ባለ ርስቱ ከሰረና መስኩን የቧንቧውንም የፍሳሹንም ሥራ ለያዘው የውሃ ኩባንያ ሸጠው። ኩባንያው ምኞቱን ከመጀመሪያው አልደበቀም፤ መስኩን አጥሮ አዲስ የፍሳሽ ማስወጫ ቱቦ ሊቀብርበት ነው። ምስክር አድርጎ የላከው የሕዝብ ግንኙነቱን ሰው፣ ክሪስፒን ፒምን ነው። በእኔ ዕድሜ ያለ፣ ነጭ ጫማ ያደረገ፣ የኩባንያውን ስም የያዘ ትልቅ ሰማያዊ ጃንጥላ የተሸከመ ትሑት ሰው። ጀልባዋ ላይ ሲሳፈር ሊቀመንበራችን ፕሩኔላ ስቴሲ ክንዱን ይዘው ሹክ አሉት።

«ሚስተር ፒም፣ ድልድዩ ሥር ትንሽ የጸሎት ጊዜ አለን።»

«እኔ እንኳ ሃይማኖት የለኝም» አለ ፒም፣ በጣም ይቅርታ በሚጠይቅ ድምፅ። «ዓይኔን አልጨፍንም።»

የዘንድሮው የወንዝ ሹም ሄድሊ ጋርተን ይህን ሰምተው ዋንጫውን በመሐረብ መወልወል ጀመሩ። ሄድሊ የከተማውን ግማሽ ጂኦግራፊ ያስተማሩ ናቸው። እኔንም መስኩ ላይ ቁጭ አድርገው ብርቱካን ወንዝ ውስጥ እያስወረወሩ የውሃውን ፍጥነት አስለክተውኛል። አምና በመከር ኩላሊታቸው ታሞ ሆስፒታል ከርመው ነበር፤ ሐኪሟ ስትሸኛቸው «ሚስተር ጋርተን፣ ከእንግዲህ አንድ የሆድ ኢንፌክሽን ይበቃዎታል» ብላቸዋለች። «ይበቃዎታል» ያለችው በደህናው ትርጉም አልነበረም። ሹመቱን ሲቀበሉ ግን የሚጠብቃቸው የቧንቧ ውሃ ነበር።

ሌሊቱን ሲዘንብ አድሯል። ከባድ ዝናብ ሲጥል የከተሞቹ የፍሳሽ ቱቦ ሞልቶ ወደ ወንዙ እንደሚለቀቅ እኛም እናውቃለን፤ ፒምም ያውቃል። ኪሱ ውስጥ ያለው ስልክ ከመነሻው ጀምሮ ይነዝራል። አውጥቶ ያያል፣ ይነጣል፣ መልሶ ይከተዋል፤ የትኛው ቱቦ እንደተለቀቀ የሚነግረው ይመስለኛል።

ከድልድዩ በፊት ጀልባ ማውረጃ አለ። በድንጋይ የተገነባ ጥልቅ ገንዳ ነው፤ ጀልባዋ ትገባለች፣ የላይኛው መዝጊያ ከኋላዋ ይዘጋል፣ ውሃው በታች ባሉት ቀዳዳዎች ይለቀቅና ጀልባዋ ቀስ እያለች ከታችኛው ወንዝ እኩል ትወርዳለች። ይህን የምትሠራው ዶት ራግ ናት፤ ጳጳሱንም ፖሊሱንም እንደ አገራችን ልማድ «ዳክዬዬ» እያለች የምታቆላምጥ ሴት።

ገባን። ዶት ዘጋች። መውረድ ጀመርን። ግድግዳው በሁለት በኩል ከፍ እያለ መጣ፤ አረንጓዴ ዝልግልግ ለብሶ የሚያንጠባጥብ ግድግዳ። ሰማዩ ጠበበና የጠረጴዛ ልብስ አከለ። ከዚያ መውረዱ ቆመ።

«ምን ሆነ?» አሉ ፕሩኔላ።

«ቆምን።»

«መቆማችንንማ አየሁ።»

ዶት ከላይ አንገቷን አወጣች። «ቀዳዳውን የሆነ ነገር ወትፎታል፣ ዳክዬዎቼ! የላይኛውንም ስሞክረው እሱም ነክሶ ቀረ። እንዳትንቀሳቀሱ!»

«ወዴት ልንሄድ?» አሉ ሄድሊ።

መውጫ መሰላል ነበረ። ብረቱ ከግድግዳው ጋር ተጣብቆ፣ እጅ ቢዘረጋ የሚደረስበት። ሄድሊ ግን ከወጡ እግራቸው መሬት ይረግጣል፤ መስኩ ሄደ። ፒም ከወጣ ምስክርነቱን ጥሎ ሄደ ማለት ነው፤ አለቆቹ ይበሉታል። ፕሩኔላ ሁለቱን ብቻቸውን ጥለው አይወጡም። እኔ መውጣት እችል ነበር፤ የሚያስታውሰኝ ሰው አልነበረም። አራታችንም መሰላሉን እያየን ተቀመጥን።

ሽታው ቀስ ብሎ መጣ።

«ትንሽ... የሆነ ሽታ አለ መሰለኝ» አሉ ፕሩኔላ፣ ስለ አየር ሁኔታ እንደሚያወሩ።

«ላሞቹ ይሆናሉ» አለ ፒም።

«መስኩ ላይ ላም የለም።»

«እንግዲያው በጎቹ ናቸው።»

«በግም የለም፣ ሚስተር ፒም።»

«እንግዲህ... ገጠር ነዋ» አለና ስልኩ ሲነዝር በእጁ አፈነው።

ፕሩኔላ ጉሮሯቸውን ጠራርገው ወደ ሄድሊ ጠቀሱ። ድልድዩ ባይኖርም ጨለማው አለ፤ ሰውየው ዞር ቢል አንድ ጉንጭ የቧንቧ ውሃ ዋንጫው ውስጥ መገልበጥ ይቻላል። «ሚስተር ፒም፣ አጠገብዎ ያለችውን ፔርሙስ ቢያቀብሉኝ?»

«ይቺን?» ፒም ወዘወዛት። ድምፅ የላትም። «በጣም ይቅርታ። ጠምቶኝ ጨረስኩት። ሻይ መስሎኝ ስከፍተው ውሃ ሆኖ አገኘሁት። ጥሩ ውሃ ነው።»

ፕሩኔላ ፈገግ አሉ። ሴትየዋ እንደዚያ ፈገግ ሲሉ ያየሁት የባላቸው ውሻ የሠርግ ኬክ የበላ ጊዜ ብቻ ነው።

ዶት ግን ከላይ ሆና ሁሉን ሰምታለች። ጥቂት ቆይቶ ማንቆርቆሪያ በገመድ ታስሮ እየተወዛወዘ ወረደ። «ሻይ ላክሁላችሁ፣ ዳክዬዎቼ!»

ፒም ክዳኑን አንስቶ አየ። «ይሄ ሻይ ነው?»

«ቀጭን ሻይ ነው!»

«ቀለም የለውም እኮ።»

«በጣም ቀጭን ነው!»

«ይቅርታ፣ ከወንዙ ያልተቀዳ ነገር ጀልባዋ ላይ ባይኖር እመርጣለሁ» አለና ማንቆርቆሪያውን እንደታሰረ መለሰው። የሚያስጠላ ሰው ቢሆን ኖሮ ቀላል ነበር። ማንቆርቆሪያው ወደ ላይ ሲሳብ ዶትን አመሰገናት።

ድልድዩ ላይ የሚጠብቀን ሕዝብ መቅረታችንን ሲያይ በመስኩ አድርጎ እየሮጠ መጣ። ቢራና የአሳማ ሥጋ ፓይ በእጁ ይዞ በገንዳው ሁለት አፋፍ ተደረደረ። ከላይ ፊት ብቻ፣ ዙሪያውን ፊት። አሁን ጥላ የለም፣ መዝሙር የለም፤ ወደ ሰማይ የሚያይም የለም፣ ምክንያቱም እኛን ከማየት የሚበልጥ ነገር ሰማይ ላይ አልነበረም።

«መምህር! የቤት ሥራዎን ሠርተዋል?» አለ አንዱ የቀድሞ ተማሪ።

«ጓዳ ውስጥ ተደብቀው ሊጠጡት ነው!» አለ ሌላው።

«አንቺ ፕሩኔላ! ጣትሽ ተላቀቀ ወይስ አብሮ ይጠጣል?»

«ያቺን አፍህን ላጣብቅልህ?» አሉ ፕሩኔላ ወደ ላይ። ከዚያ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው፣ «ሄድሊ፣ ይቅርብህ። ኩላሊትህን አስብ።»

«መስኩስ?»

«መስኩን... እንከሳለን። እንሰለፋለን። አቤቱታ እናቀርባለን።»

«ፕሩ፣ እኔና አንቺ ስንት አቤቱታ አቀረብን?»

ሄድሊ ተንበረከኩና ዋንጫውን ከጀልባዋ ጎን አጠለቁት። ሲያወጡት ሁላችንም ሳንፈልግ አየን። ቀለሙ ቀጭን ሻይ አልነበረም። አንዲት ነጭ ነገር ዙሪያዋን እየዞረች ትንሳፈፋለች፤ ምን እንደሆነች ለማወቅ ማንም አልደፈረም።

ሄድሊ ዋንጫውን በሁለት እጃቸው ይዘው ወደ ፒም ዞሩ። የክፍል ድምፃቸውን አወጡ፤ የማይጮህ፣ ግን የመጨረሻው ወንበር ድረስ የሚሰማ።

«ልጄ፣ ስምምነት ላቅርብልህ። አሁን ቀና በልና ለዚህ ሕዝብ ‹ይህ ውሃ አይጠጣም› ብለህ ንገረው። ይኸው ነው። ዋንጫውን አስቀምጣለሁ፤ መስኩንም ውሰዱት።»

«ሄድሊ!» ፕሩኔላ ተነሱና ጀልባዋ ተወዛወዘች። «መስኩን?»

«ተቀመጪ ፕሩ፣ ታሰምጪናለሽ። እውነቱን በመስክ ልገዛው ነው፤ ርካሽ ነው።»

ከላይ ቢራ የሚጠጣው ሁሉ ብርጭቆውን ከአፉ አነሳ።

ፒም አፉን ከፈተ። «ኩባንያችን ለውሃ ጥራት ያለው ቁርጠኝነት...»

«እሱን አልጠየቅኩህም።»

«የውሃው ሁኔታ እንደ ወቅቱ ተለዋዋጭ በመሆኑ...»

«ይጠጣል ወይስ አይጠጣም?»

ስልኩ ነዘረ። ፒም ኪሱን በመዳፉ ደፈነው፤ ልቡን የያዘ ይመስል ነበር። ‹አይጠጣም› ካለ ነገ ጋዜጣው ሁሉ የሚይዘው የእሱን ቃል ነው፤ ሥራው አበቃ። ዝም ካለ አንድ ታማሚ ሽማግሌ ዓይኑ እያየ መርዝ ሊጠጣ ነው። ግድግዳው በግራ፣ ግድግዳው በቀኝ፣ ከላይ የፊት መዓት። የሆነ ቦታ ቀዳዳ እንደሚፈልግ ዓይኑን በግድግዳው ላይ አንከራተተ። ቀዳዳዎቹ ሁሉ ተወትፈዋል።

የእኩለ ቀኑ ደወል መደወል ጀመረ።

«እሺ» አሉ ሄድሊ። «ገባኝ።» ዋንጫውን ወደ አፋቸው አነሱ። ከንፈራቸው ግን አብሮ አልሄደም፤ ጥርቅም ብሎ ተዘግቶ ቀረ። ደወሉ ይደውላል። ፕሩኔላ ፊታቸውን በኮፍያቸው ሸፈኑ። እኔ መሪውን ጨበጥኩ፤ የሚመራ ነገር እንደሌለ እያወቅኩ።

በዚህ ጊዜ ሰማያዊው ጃንጥላ ተከፈተ። ፒም ከመቀመጫው ተስፈንጥሮ በሄድሊና በሕዝቡ መሃል ዘረጋው፤ ከላይ ያለው ሰው የኩባንያውን ስም ብቻ እንዲያይ። በሌላ እጁ ዋንጫውን ከሄድሊ ጣቶች መነጨቀና ውሃውን ወደ መጣበት መለሰው። የመጨረሻው ደወል ሲደወል ጃንጥላውን አጠፈ፤ ባዶውን ዋንጫም ወደ ላይ አነሳ።

«ጠጥተዋል!» ብሎ ጮኸ። ድምፁ ገንዳው ውስጥ ተመላለሰ። «እኔ ምስክር ነኝ! አይቻለሁ! ጠጥተዋል!»

ሕዝቡ ፈነዳ። ፓይ ወደ አየር ተወረወረ፤ ግማሹ እኛ ላይ ወረደ።

«እኔ አልጠ...» አሉ ሄድሊ፤ ፕሩኔላ የሄድሊን እግር በተረከዛቸው ረገጡት።

«አንዲት ቃል ብትናገር» አሉ በጥርሳቸው መሃል፣ «አጣብቅሃለሁ።»

ፒም ተመልሶ ተቀመጠና ነጭ ጫማውን ማየት ጀመረ። ለእኛ አስቦ ይሁን ለኩባንያው ለማወቅ የፈለገ አልነበረም፤ ወይም መልሱን ፈርተን ነው።

ዶት በረጅም ሜንጦ ስትታገል ቆይታ በመጨረሻ አንድ ነገር ጎትታ አወጣች። ሰው ሽንት ቤት ውስጥ የሚጥለው እርጥብ ሶፍት እርስ በእርሱ ተጠላልፎ፣ ጠጉራም፣ ግራጫ፣ የሚንጠባጠብ ክምር ሆኗል። «በጉ ተገኘ!» ብላ ሣሩ ላይ ጣለችው። ማንም ዞሮ አላየውም። ሁሉም እየዘመረ ነበር።

ውሃው እየተንጎራጎረ ወረደ፤ የታችኛው መዝጊያ ተከፈተ፤ ብርሃን ገባ። ጀልባዋን ከመስኩ ዳር አስጠጋኋት። ሄድሊን ከጀልባ አንስተው በትከሻቸው ተሸከሟቸው። የአካባቢው ሬዲዮ ጋዜጠኛ ማይክሮፎን ደቀነችባቸው።

«ሚስተር ጋርተን፣ ጣዕሙ እንዴት ነበር?»

ሄድሊ ውሸት የማይችሉ ሰው ናቸው። «የአምናው የወንዝ ሹም ከጠጡት የተለየ አይደለም» አሉ።

«ሰማችሁ!» አለች ጋዜጠኛዋ ወደ ማይክሮፎኗ። «ትሬንት ንጹህ ነው!»

ይህ ቃል በመስኩ ላይ ከእሳት ፈጥኖ ሄደ። ዘንድሮ ድልድዩም መዝሙሩም ስላልነበረ፣ ሰው ሁሉ በእውነት ተጠጣ ብሎ አምኗል። ቀኑ ከዝናቡ በኋላ ሞቋል። መጀመሪያ ልጆች ጫማቸውን አወለቁ፤ ከዚያ እናቶቻቸው። አንድ ወፍራም ሰውዬ ሱሪውን እስከ ጉልበቱ ሰብስቦ «የጠጡት እንደሆነማ መዋኘት ምን አላት!» እያለ ወደ ውሃው ወረደ። አንዲት ሴት ሕፃኗን በብብቷ ይዛ ጣቱን ልታስነካ ጎንበስ አለች።

ሄድሊ ከሰዎቹ ትከሻ ላይ ራሳቸውን ወረወሩ። በዚያ ዕድሜ እንዴት እንደወረዱ አላውቅም። እያነከሱ ሮጡ፤ ከሕዝቡ ፊት ቀደሙና ወንዙ አፋፍ ላይ ክንዳቸውን ዘርግተው ቆሙ፤ ጠብቀው ያቆዩልንን መስክ በገዛ አካላቸው ያጥሩ ይመስል።

«ውጡ! ሁላችሁም! ከውሃው ውጡ!»

ወፍራሙ ሰውዬ ውሃው ውስጥ እንደቆመ ሳቀ። «እንዴ መምህር! አሁን ጠጥተውት የለም እንዴ?»

ሄድሊ ወደ ኋላ አዩ። ፒም ከጀልባዋ አጠገብ ጃንጥላውን አቅፎ ቆሟል፤ ፊቱ ነጭ ነው። ፕሩኔላ ከአጠገቡ ሆነው ራሳቸውን ግራና ቀኝ ወዘወዙ፣ በጣም በቀስታ። ‹አልጠጣሁም› ካሉ ምስክሩ ውሸታም ነው፤ ምስክሩ ውሸታም ከሆነ ደወሉ ተደውሎ አልቋል፤ ነገ አጥሩ ይተከላል። ‹ጠጥቻለሁ› ማለትን ደግሞ አይችሉበትም።

«ጠጥቼዋለሁ ወይ ብለህ አትጠይቀኝ» አሉ። «ውጣ ብያለሁ። አንቺም ልጅሽን አንሺ። ሕፃኑን አንሺው!»

ሴትየዋ ደንግጣ ሕፃኑን ከፍ አደረገች። ልጆቹ ጫማቸውን በእጃቸው እንደያዙ ክፍል ውስጥ እንደተያዘ ተማሪ ቆሙ። ዝማሬው ጠፋ።

«ለምን?» አለ ሰውዬው። አሁን አይስቅም። «አይ መምህር፣ አንድ ምክንያት ይንገሩን እንጂ። ከጠጡት ለምንድን ነው የማንገባው?»

«አላብራራም» አሉ ሄድሊ።